ባለቤት ያላገኘች ወረቀት

ሦስት የጀርመን ወጣቶች ውበት ሰውን ነፃ ያወጣል ብለው ያመኑበት ዘመን

በ1913 በርሊን ውስጥ የቆዩ የእጅ ጽሑፎች ለጨረታ ቀረቡ። (በዚህ ዘገባ ያሉት ዓመቶች በሙሉ በአውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።) ንጉሣዊው ቤተ መጻሕፍት ከገዛቸው መካከል በፊትም በጀርባም የተጻፈባት አንዲት ቅጠል ወረቀት ነበረች። ጽሑፉ ከመሀል ይጀምራል፤ ከፊቱ የነበረው ጠፍቷል። ስምም ቀንም የለበትም። የእጅ ጽሕፈቱ ግን አያጠራጥርም፦ የፈላስፋው የሄግል ነው።

ስለ ሄግል ጥናት ይጽፍ የነበረው ወጣቱ ምሁር ፍራንትስ ሮዘንትስቫይግ ወረቀቷን ሲያነብ ግራ ገባው። ሄግል እያንዳንዱን እርምጃ መዝኖ የሚራመድ ጸሐፊ ነው። እዚህ ያለው ድምፅ ግን ይቸኩላል፣ ያዝዛል፣ ይተነብያል። መንግሥት ነፃ ሰዎችን እንደ መዘውር ጥርስ የሚያሽከረክር ማሽን ስለሆነ ማብቃት አለበት ይላል። የተፈጥሮ ሳይንስ በሙከራ ብዛት ደክሞ መሬት ለመሬት እየሄደ ነው፤ ቀና ሊል ይገባዋል ይላል። እውነትና መልካምነት የሚገናኙት በውበት ውስጥ ብቻ ስለሆነ፣ ፈላስፋ የገጣሚን ያህል የውበት ኃይል ከሌለው ፈላስፋ አይባልም ይላል። በመጨረሻም አዲስ ተረት እንዲፈጠር ይጠይቃል፤ አእምሮ የማያፍርበት፣ ሕዝብም የሚወደው፣ የተማረውና ያልተማረው በሱ አማካይነት እጅ ለእጅ የሚጨባበጡበት ተረት።

ሮዘንትስቫይግ ጽሑፉን በ1917 አሳተመው፤ የጀርመን ሀሳባዊነት የመጀመሪያው የሥርዓት ንድፍ የሚል ትርጉም ያለው ርዕስም ሰጠው። ሐሳቡ የፍሪድሪሽ ሼሊንግ ነው፣ ሄግል የገለበጠው ብቻ ነው አለ። ሌላው ተነሥቶ የለም፣ ይህ የገጣሚው የፍሪድሪሽ ሆልደርሊን ድምፅ ነው አለ። ሦስተኛው ደግሞ እጁ የሄግል ከሆነ ሐሳቡስ ለምን የሱ አይሆንም ሲል ጠየቀ። ክርክሩ መቶ ዓመት አልፎታል፤ አሁንም አልተቋጨም።

ሦስቱም ተጠርጣሪዎች በአንድ ወቅት በአንድ ክፍል ይኖሩ ነበር።

አንድ ክፍል፣ ሦስት ተማሪ

ቱቢንገን በኔካር ወንዝ ዳር የተቀመጠች ትንሽ የደቡብ ጀርመን ከተማ ናት። ድልድዩ ላይ ቆሞ ወንዙን ቁልቁል የሚመለከት ሰው ከአኻያ ዛፎቹ መካከል አንድ ቢጫ ክብ ግንብ ያያል። ከግንቡ ጀርባ ጠባብ መንገድ አለ። በዚህ መንገድና በጫፉ ላይ፣ በእግር ጥቂት ደቂቃ በሚራራቁ ሦስት ቤቶች፣ የዚህ ታሪክ መነሻም መድረሻም ይገኛል።

የመጀመሪያው ቤት ሽቲፍት ይባላል። ቀድሞ የኦገስቲን መነኮሳት ገዳም ነበር፤ የቩርተምበርግ መስፍን ኡልሪሽ በ1536 ያቋቋመው የፕሮቴስታንት ሰባኪዎች ማሠልጠኛ አዳሪ ቤት በኋላ እዚህ ገባ። የፕላኔቶችን እንቅስቃሴ ሕግ ያገኘው ዮሐንስ ኬፕለር እዚህ ተምሯል። መንግሥት ያበላል፣ ያለብሳል፣ ያስተምራል፤ ተማሪው በምላሹ ለቤተ ክህነት አገልግሎት ቃል ይገባል። ያጠፋ ልጅ የዕለት ወይን ድርሻውን ይነፈጋል፤ ጥፋቱ ከከፋ ይታሰራል።

በ1788 መጸው ሁለት የ18 ዓመት ወጣቶች ገቡ። አንዱ የሽቱትጋርቱ ሄግል ነው፤ ከዕድሜው በፊት የጎበጠ ስለሚመስል ጓደኞቹ «ሽማግሌው» ይሉታል። ሁለተኛው በኔካር ዳር በላውፈን የተወለደው ሆልደርሊን ነው፤ ግጥም ይጽፋል፣ ጥንታዊት ግሪክን እንደ ጠፋች እናት ይናፍቃል። በ1790 ሼሊንግ ተጨመረ። ዕድሜው 15 ነበር፤ ከደንቡ በታች ስለሆነ በልዩ ፈቃድ ነው የተቀበሉት።

በመካከሉ ፓሪስ ላይ የባስቲል እስር ቤት ተሰበረ። ወሬው ድንበር ተሻግሮ ሽቲፍት ሲደርስ ልጆቹ የፈረንሳይን ጋዜጣ እየተቀባበሉ ያነቡ ጀመር። ሦስቱ ጓደኛሞች ከከተማው ውጭ የነፃነት ዛፍ ተክለው ዙሪያውን ጨፈሩ የሚል ታሪክ ሲወርድ ሲዋረድ መጥቷል። የታሪክ ሰዎች ይጠራጠሩታል፤ ቢሆንም ተማሪዎቹ ልባቸው የሸፈተ መሆኑ ለመስፍኑ ካርል ኦይገን ሳይደርሰው አልቀረም። በ1793 እሱ ራሱ ወደ ሽቲፍት መጥቶ አዲስ ጠበቅ ያለ ደንብ አወጀ።

ካርል ኦይገን በተናገረ ሰው ላይ የሚያደርገውን ሁሉም ያውቅ ነበር። ገጣሚውና ጋዜጠኛው ሹባርት መስፍኑን በጽሑፉ በመንካቱ ያለ ፍርድ በሆሄንአስፐርግ ምሽግ ከ1777 እስከ 1787 አሥር ዓመት ታስሯል። እንግዲህ ወረቀቷ ላይ ያለው «መንግሥት ማሽን ነው» የሚለው ክስ ከመጽሐፍ የተቀዳ አልነበረም። ልጆቹ በማሽኑ ውስጥ አድገዋል።

ካንት የተወው ገደል

ሦስቱ በሽቲፍት ጣሪያ ሥር የሚከራከሩበት ፈላስፋ ግን ከነሱ በጣም ሩቅ፣ በባልቲክ ባሕር አጠገብ በኮኒግስበርግ ይኖር ነበር። ከተማዋ ዛሬ ካሊኒንግራድ ተብላ በሩሲያ ግዛት ውስጥ ናት። አማኑኤል ካንት በ1724 እዚያው ተወለደ፣ በ1804 እዚያው ሞተ፤ ከአውራጃው ርቆ አልሄደም።

ካንት ለተከታዮቹ አንድ ችግር አውርሷቸዋል። በ1781 ባሳተመው ትልቅ መጽሐፉ የምናየው ተፈጥሮ ሁሉ በምክንያትና በውጤት ሕግ የታሠረ ነው አለ። ድንጋይ ይወድቃል፣ ጎርፍ ይወርዳል፣ የሰውም አካል እንደ ድንጋዩ ለሕጉ ይገዛል። በ1788 በታተመው ሁለተኛው ትልቅ መጽሐፉ ደግሞ ሰው ነፃ ነው አለ፤ ግዴታውን ማወቁ ራሱ መወጣት እንደሚችል ይመሰክርለታልና። ሁለቱም እውነት ከሆኑ አንድ ሰው በሁለት ዓለም ሊኖር ነው። እጄን ለተቸገረ ስዘረጋ፣ ከጡንቻና ከነርቭ አንፃር ሌላ አማራጭ አልነበረኝም፤ ከኅሊና አንፃር ግን ባልዘረጋም እችል ነበር። በተፈጥሮና በነፃነት መካከል ገደል አለ ማለት ነው።

ካንት በ1790 በሦስተኛው ትልቅ መጽሐፉ በገደሉ ላይ ድልድይ ለመዘርጋት ሞከረ። ድልድዩን የፈለገው በሁለት ቦታ ነው፤ በውበትና በሕይወት።

ውበት ምኑ ልዩ ነው? እንጀራን የምወደው ስለምበላው ነው፤ መልካም ሥራን የማከብረው ግዴታዬ ስለሆነ ነው። አበባን ሳይ ግን ልበላውም ልገዛውም አልፈልግም፤ የሚያዘኝም የለም። ቢሆንም ደስ ይለኛል፣ ሌላውም እንዲያየው እጠራለሁ። አበባው ለሆነ ዓላማ ታስቦ የተሠራ ይመስላል፤ ዓላማው ምንድን ነው ቢባል ግን መልስ የለውም። ምናብና ማስተዋል አንዱ ሌላውን ሳያዝዝ አብረው ይጫወታሉ። ለካንት ይህ ትንሽ ነገር አይደለም። ለአፍታም ቢሆን ተፈጥሮ ከነፃነታችን ጋር የተስማማች ይመስለናል።

ሕይወት ያለው ነገርም እንዲሁ ነው። የሰዓት ጥርስ ሌላውን ጥርስ ያንቀሳቅሳል እንጂ አይወልደውም። ዛፍ ግን ቅጠሉን ያወጣል፤ ቅጠሉም ዛፉን ይመግባል፤ እያንዳንዱ ክፍል ለሌላው ምክንያትም ውጤትም ነው። ካንት አንዲትን የሣር ቅጠል በግፊትና በስበት ሕግ ብቻ የሚያስረዳ ኒውተን ይመጣል ብሎ ተስፋ አላደረገም።

በዚሁ መጽሐፍ ውስጥ አንድ የእንግዳ ማረፊያ ጌታ ብቅ ይላል። የገጠር ሰላም ፈልገው የመጡ እንግዶቹን ሊያስደስት ቢያስብ በአካባቢው የሚዘምር ወፍ የለም። ስለዚህ አንድ ተንኮለኛ ልጅ ቀጥሮ ቁጥቋጦ ውስጥ ደበቀው፤ ልጁ በሸምበቆ በሌሊት የምትዘምረውን ወፍ፣ ናይቲንጌልን፣ አስመስሎ ይነፋል። እንግዶቹ በጨረቃ ብርሃን ተመስጠው ያደምጣሉ። ማታለሉ የታወቀ ዕለት ግን ያ ዜማ፣ አንዲት ኖታ እንኳ ሳይለወጥ፣ ለጆሮ የሚከብድ ሆነ። ካንት ከዚህ የሚያወጣው ትምህርት አለ። ደስ ያለን ድምፁ ብቻ አልነበረም፤ ተፈጥሮ ራሷ መናገሯ ነበር። ይህችን ወፍ አንርሳት፤ ከ30 ዓመት በኋላ በርሊን ላይ ትመለሳለች።

ጨዋታ

ድልድዩን ወደ ፖለቲካ የወሰደው ፈላስፋ ሳይሆን የቲያትር ሰው ነው። ፍሪድሪሽ ሺለር የካርል ኦይገን ወታደራዊ ትምህርት ቤት ውጤት ነው፤ በ13 ዓመቱ ገብቶ የጦር ሠራዊት ሐኪም ሆኖ ወጣ። «ወንበዴዎቹ» የተባለው ተውኔቱ በ1782 ማንሃይም ላይ ሲታይ ሳያስፈቅድ ሄዶ ተመለከተ። መስፍኑ 14 ቀን አሰረው፤ ከሕክምና በቀር ምንም እንዳይጽፍም ከለከለው። በዚያው ዓመት መስከረም ላይ፣ ከተማው በግብዣ ርችት ሲደምቅ፣ ሺለር ከአንድ ሙዚቀኛ ጓደኛው ጋር በሌሊት ጠፋ።

አሥር ዓመት ቆይቶ የፈረንሳይ ምክር ቤት የክብር ዜግነት ሰጠው። ብዙም ሳይቆይ ንጉሥ ሉዊ 16ኛ በጥር 1793 አንገታቸው ተቀላ፤ ከዚያም የራስ መቁረጫው ሥራ አልፈታ አለ። የነፃነት ወዳጅ የነበረው ሁሉ አንድ ጥያቄ ተጋፈጠ፦ ሕዝቡ ሰንሰለቱን በጥሶ ለምን ወደ ደም ገባ?

ሺለር በጊዜው በየና ዩኒቨርሲቲ መምህር ነበር፤ በሳንባ ሕመም ተይዞ ጉልበቱ ደክሟል። የአውጉስተንቡርጉ ልዑል ከሌላ የዴንማርክ ባለሥልጣን ጋር ሆነው በዓመት 1,000 ታለር ለሦስት ዓመት ሰጡት፤ እሱም ውለታውን በደብዳቤ መለሰ። የመጀመሪያዎቹ ደብዳቤዎች በ1794 በኮፐንሃገን ቤተ መንግሥት ቃጠሎ ወደሙ። ሺለር እንደገና ጻፋቸው፤ አስፍቶም በ1795 በ27 ደብዳቤዎች አሳተማቸው። ሰውን በውበት ስለማነጽ የተጻፈው ይህ ሥራ ለአብዮቱ ውድቀት መልስ ነው።

መልሱ ባጭሩ ይህ ነው። ሰው ውስጥ ሁለት ግፊቶች አሉ። አንዱ ከሥጋ ነው፤ የአሁኑን፣ የሚዳሰሰውን፣ የሚለዋወጠውን ይፈልጋል። ሁለተኛው ከአእምሮ ነው፤ ቋሚውን፣ ሕጉን፣ መርሑን ይፈልጋል። የመጀመሪያው ብቻውን የነገሠበት ሰው ለሆዱ ባሪያ ነው፤ ሁለተኛው ብቻውን የነገሠበት ደግሞ ለመርሕ ሲል ጭንቅላት ይቆርጣል። ፓሪስ ላይ ሁለቱም ታይተዋል። ሁለቱ ግፊቶች ሳይጨቋቆኑ የሚገናኙበት ሦስተኛ ነገር ያስፈልጋል፤ ሺለር ጨዋታ ብሎ ጠራው። ሰው ሙሉ ሰው የሚሆነው ሲጫወት ነው፤ ኪነ ጥበብም የጨዋታ ትልቁ ሜዳ ነው።

ሐሳቡ ለአማርኛ ተናጋሪ ሩቅ ሊሆን አይገባም። ሁለት ሰዎች ቡና ይዘው ሲያወጉ «ጨዋታ ይዘናል» እንላለን። ከዚያ ወግ ማንም ገንዘብ አያተርፍም፤ ማንም ማንንም አያዝዝም፤ ግን ያልተጻፈ ሥርዓት አለው፤ አንዱ ሲናገር ሌላው ያዳምጣል፤ ያበላሸ «ጨዋታ አጠፋ» ይባላል። ሺለር ያሰበው ነፃነት ይህን የመሰለ ነው። ሕግ አለው፤ ሕጉ ግን አይከብድም። በደብዳቤዎቹ መጨረሻ ይህ ዓይነቱ ማኅበር የት አለ ብሎ ራሱን ሲጠይቅ፣ መልሱ በጥቂት የተመረጡ ክበቦች ውስጥ የሚል ነበር። እዚህ ላይ ጥርጣሬውን አልደበቀም።

ስትነቃ የምትታይ ተፈጥሮ

ወደ ሦስቱ ጓደኛሞች እንመለስ። ትምህርታቸውን ሲጨርሱ ሰባኪ መሆን የፈለገ አልነበረም። ሄግልና ሆልደርሊን እንደ ብዙው ድሃ ምሩቅ የሀብታም ልጆች አስጠኚ ሆኑ፤ አንዱ በርን፣ ሌላው በኋላ ፍራንክፈርት። ወረቀቷ የተጻፈችው በ1796 መጨረሻ ወይም በ1797 መጀመሪያ፣ ሦስቱ በደብዳቤ ሲገናኙና ሲጠያየቁ በነበረበት ጊዜ ነው ተብሎ ይገመታል።

ቀድሞ ስም ያወጣው የዕድሜ ትንሹ ነው። ሼሊንግ በ1798፣ በ23 ዓመቱ፣ በየና ፕሮፌሰር ሆነ። በየና ትልቁ ስም በጊዜው ዮሐን ጎትሊብ ፊኽተ ነበር፤ የሪባን ሸማኔ ልጅ፣ አዳራሽ የሚያናውጥ ተናጋሪ። ፊኽተ የካንትን ገደል ለመዝጋት የመረጠው መንገድ ቀጥተኛ ነው፤ ሁሉም ነገር ከነፃው «እኔ» ይጀምራል አለ። ተፈጥሮ ለሱ ነፃነት የሚታገለው እንቅፋት፣ ግዴታ የሚሠራበት ጥሬ ዕቃ ናት። ሼሊንግ መጀመሪያ ተከተለው፤ ኋላ ግን ይህ ለነፃነት ሲባል ተፈጥሮን መግደል ሆኖ ታየው።

የሼሊንግ ጥያቄ ከሌላ አቅጣጫ ይመጣል። ተፈጥሮ የሞተ ዕቃ ብቻ ከሆነች፣ የሚያስብ ፍጡር ከሷ ማሕፀን እንዴት ወጣ? እንግዲህ አእምሮ ውስጥ ያለው ያው እንቅስቃሴ ተፈጥሮም ውስጥ አለ፤ እዚያ ግን ራሱን አያውቅም። በማግኔት ሁለት ጫፍ፣ በኤሌክትሪክ፣ በተክል፣ በእንስሳ ደረጃ በደረጃ ይነቃል፤ በሰው ላይ ሲደርስ «እኔ» ይላል። ሰው ከተፈጥሮ ውጭ የተተከለ ዳኛ አይደለም። የነቃች ተፈጥሮ ነው።

ይህ ቅኔ ብቻ ሆኖ አልቀረም። በ1800 ዊልያም ሄርሼል ከቀይ ቀለም ወዲያ የማይታይ የሙቀት ጨረር መኖሩን ሲያሳውቅ፣ የየናው ዮሐን ቪልሄልም ሪተር ተፈጥሮ ሁልጊዜ ሁለት ዋልታ ካላት በወይን ጠጁም በኩል ሌላ መኖር አለበት ብሎ አሰበ። በ1801 በብርሃን በሚጠቁር የብር ጨው ሞክሮ ዛሬ አልትራቫዮሌት የምንለውን ጨረር አገኘ። ኤሌክትሪክና ማግኔት ዝምድና እንዳላቸው በ1820 ያሳየው ዴንማርካዊው ኧርስቴድም የዚህ ፍልስፍና ወዳጅ ነበር። ተከታዮቹ ሙከራ ትተው በምሳሌ ብቻ የተራቀቁበት ጊዜም ብዙ ነው፤ የሳይንስ ሰዎች በኋላ የተሳለቁባቸው ያለ ምክንያት አይደለም።

ታዲያ ኪነ ጥበብ የት ገባ? በነሐሴ 1798 ሼሊንግ ከጸሐፊዎቹ ከሽሌግል ወንድማማቾችና ከወዳጆቻቸው ጋር በድሬስደን የሥዕል ቤት ተገናኘ። የራፋኤል ድንግል ማርያም ልጇን ታቅፋ በደመና ላይ የምትራመድበት ሥዕል እዚያ ነው። በ1800 ሼሊንግ ባሳተመው መጽሐፍ እንዲህ ያለ ሥራ ፊት የቆመ ሰው ምን እንደሚያይ አስረዳ። ሠዓሊው አውቆ ይጀምራል፤ ቀለሙን ይመርጣል፣ እጁን ያለማምዳል። በመሀል ግን ያላሰበው፣ ያልፈቀደው ነገር በእጁ ያልፋል። ሥራው ሲያልቅ ሠሪው ራሱ ከሚያውቀው በላይ ይናገራል፤ ትርጉሙ ተፈትቶ አያልቅም። የነፃ ሰው ዕቅድና የማታውቀው ተፈጥሮ ኃይል በአንድ ሸራ ላይ ተዋሕደዋል። ፈላስፋው በሐሳብ ብቻ የሚደርስበትን አንድነት ኪነ ጥበብ ዓይን ላይ ያስቀምጠዋል። በዚያን ዓመት ሼሊንግ ኪነ ጥበብን ከፍልስፍና ቁንጮ ላይ አስቀመጠው፤ ከሱ በፊት ይህን ያህል የደፈረ የለም።

የሄግል «እኛ»

ሄግል ተራራ አይወድም ነበር። በ1796 በጋ ላይ ከሌሎች አስጠኚዎች ጋር የበርንን አልፕስ በእግር ሲዞር የዕለት ማስታወሻ ይዟል። ዘላለማዊው ዐለት ፊት ቆሞ ያገኘው ስሜት እንዲህ ነው፣ በቃ እንዲህ ነው ከማለት አያልፍም፤ ይልቅ የሚንቀሳቀሰው ፏፏቴ ማረከው። ከፍ ያለ ተራራ አይቶ የማያውቀው ካንት ስለ ገደልና ስለ ነጎድጓድ ግርማ በጥልቀት ሲጽፍ፣ ተራራው ሥር የቆመው ሄግል ተሰላቸ።

ይህ የጠባይ ጉዳይ ብቻ አልነበረም። ሄግል በ1818 በርሊን ከገባ በኋላ በ1820ዎቹ አራት ጊዜ ስለ ሥነ ውበት አስተማረ። ትምህርቱን ከሞተ በኋላ ተማሪው ሆቶ አሰናድቶ ከ1835 ጀምሮ አሳተመው። መነሻው የካንት ተቃራኒ ነው፦ የኪነ ጥበብ ውበት ከተፈጥሮ ውበት ይበልጣል፣ ከመንፈስ ተወልዷልና። ወንዝ ውስጥ ድንጋይ ወርውሮ እየሰፉ የሚሄዱትን ክበቦች በመገረም የሚያይ ልጅ የሚያየው ራሱን ነው፤ ዓለም ላይ የተወውን አሻራ። ኪነ ጥበብ ከዚያ ይጀምራል። የእንግዳ ማረፊያው ወፍ የምትመለሰውም እዚህ ነው። ሄግል የናይቲንጌል ዜማ የሚያስደስተን ሳታስበው የሰው ስሜት የሚመስል ድምፅ ስለምታወጣ ነው አለ። ካንት ተፈጥሮ ስትናገር የሰማበት ቦታ ሄግል የሰውን ማሚቶ ሰማ።

ከዚህ ቀጥሎ የሰዎችን ጆሮ ያቆመ ፍርድ መጣ። ኪነ ጥበብ ከፍተኛ ተልእኮውን ፈጽሟል፤ ለእኛ ያለፈ ነገር ነው አለ። ሥዕልና ቅርፅ አይሠሩም ማለቱ አይደለም፤ እሱ ራሱ የኦፔራ ወዳጅ ነበር፣ የሆላንድ ሠዓሊዎች ብርጭቆና ጨርቅ ሲስሉ የነፃ ሕዝብ ደስታ ያይበታል። ለግሪኮች ግን ሐውልቱ አምላካቸው ነበር። እኛ የማርያምን ሥዕል የቱንም ያህል ብናደንቅ ጉልበታችን አይታጠፍም፤ እውነትን የምንፈልገው በሐሳብ ነው። እሱ ይህን ሲያስተምር ከቤቱ አጠገብ የበርሊን አዲስ ሙዚየም እየተገነባ ነበር፤ በ1830 ተከፈተ። የወረቀቷ ተስፋ ያን ዕለት በጸጥታ ተከደነ። አዲሱን ተረት የጠበቀ የለም፤ ሥዕሉ ግድግዳ ላይ ተሰቅሎ ቁጥር ተሰጠው።

ግን ያ «እኛ» ማን ነው? በሥዕለ ማርያም ፊት ተሳልሞ፣ ሰግዶ ያደገ አማርኛ አንባቢ እዚህ ቃል ላይ መቆሙ አይቀርም። ሄግል በዚያው በርሊን ስለ ዓለም ታሪክ ባስተማረው ትምህርት ታሪክ የነፃነት ንቃት እድገት ነው ብሎ፣ ግብፅንና የሰሜኑን ጠረፍ ለይቶ ካወጣ በኋላ የቀረውን አፍሪካ ከታሪክ ውጭ አደረገው። ካንትም ሰዎችን በዘር ደረጃ ያስቀመጠባቸው ጽሑፎች አሉት።

አለማወቅ ነው እንዳይባል፣ ዕውቀቱ ጀርመን ውስጥ ነበረ። በ1652 አባ ጎርጎርዮስ የተባሉ ኢትዮጵያዊ ካህን ከየና ብዙም በማትርቀው በጎታ ቤተ መንግሥት ከምሁሩ ከሂዮብ ሉዶልፍ ጋር ተቀምጠው ስለ አገራቸው መንግሥት፣ ሃይማኖትና ቋንቋ ያስረዱ ነበር። ከዚያ ጨዋታ የሉዶልፍ የኢትዮጵያ ታሪክ በ1681፣ የአማርኛ ሰዋስውና መዝገበ ቃላት በ1698 ፍራንክፈርት ላይ ታትመዋል። ሄግል ስለ አፍሪካ ሲያስተምር መጻሕፍቱ ከመቶ ዓመት በላይ ሆኗቸዋል። ስለ ነፃነት እንዲህ በጥልቀት ያሰበ ሰው የነፃነትን በር በካርታ ላይ መዝጋቱ የአንድ ዘመን እንከን ብቻ ተብሎ አይታለፍም። ካርታው የተሳለው በራሱ የታሪክ ሥርዓት ውስጥ ነው። ቢሆንም ቅኝ ግዛትን የተቃወሙ አፍሪካውያንና የካሪቢያን ጸሐፊዎች በኋላ የራሱን የጌታና የባሪያ ትንታኔ አንሥተው መልሰው ተከራክረውበታል።

ሦስቱ ቤቶች

ጓደኝነቱም ከሐሳቡ ጋር ተሰነጠቀ። ሄግል በ1807 ባሳተመው ትልቅ መጽሐፍ መግቢያ ላይ ሁሉንም ልዩነት በአንድነት የሚያሰምጥ ፍልስፍናን ላሞች በማይለዩበት ጨለማ መሰለው። ሼሊንግ ቀስቱ ወደሱ መወርወሩ ገባው። በ1809 ስለ ሰው ነፃነት የጻፈው መጽሐፍ ከቀድሞው የጠቆረ ነው። ነፃነት ደግንም ክፉንም የማድረግ ኃይል ነው አለ፤ ተፈጥሮም ከሥሯ ብርሃን ያልገባው ነገር እንዳለባት አመነ። በዚያው ዓመት ሚስቱ ካሮሊነ ሞተች፤ ከዚያ በኋላ እስከ ሞተበት 1854 ያሳተመው ጥቂት ነው።

ወረቀቷም ተሰደደች። በሁለተኛው የዓለም ጦርነት የበርሊን ቤተ መጻሕፍት ቅርሶች ከቦምብ ለማምለጥ ወደ ሲሌዢያ ተጋዙ። ከጦርነቱ በኋላ አገሩ ለፖላንድ ሲሆን ወረቀቷ ጠፋች ተባለ፤ ለአሥርተ ዓመታት ተመራማሪዎች በፎቶግራፍ ቅጂ ብቻ ሠሩ። በ1970ዎቹ መጨረሻ ፈላስፋው ዲተር ሄንሪሽ ክራኮቭ በሚገኘው የያጌሎኒያን ቤተ መጻሕፍት ውስጥ አገኛት።

ወደ ቱቢንገኑ ጠባብ መንገድ ስንመለስ ሁለተኛው ቤት ቡርሰ ይባላል። በ1806 መስከረም፣ አእምሮው ታውኳል የተባለውን ሆልደርሊንን ከሆምቡርግ ከተማ በግድ በሠረገላ ጭነው ያመጡት እዚህ ነው፤ ሕንፃው ያኔ የዩኒቨርሲቲው ክሊኒክ ነበር። ከሦስት ዓመት በፊት ሼሊንግ አይቶት በሁኔታው ደንግጦ፣ የና ወስደህ ትጠብቀው ይሆን ብሎ ለሄግል ጽፎ ነበር፤ ነገሩ ሳይሆን ቀረ። ሐኪሙ አውተንሪት ከወራት ሕክምና በኋላ ተስፋ ቆርጦ፣ ቢበዛ ሦስት ዓመት ይኖራል ብሎ በ1807 አሰናበተው። ዛሬ በቡርሰ ውስጥ ያለው የዩኒቨርሲቲው የፍልስፍና ትምህርት ክፍል ነው። ካንትና ሄግል የሚጠኑት ገጣሚው በተዘጋበት ቤት ነው።

ሦስተኛው ቤት ከቡርሰ ቁልቁል፣ ወንዙ ዳር ያለው ቢጫ ግንብ ነው። በ1875 ተቃጥሎ እንደገና የተሠራ ሲሆን አሁን ሙዚየም ነው። ያኔ የአንድ አናጢ ቤት ነበር። ኤርንስት ሲመር ይባላል። የሆልደርሊንን ልብ ወለድ «ሃይፔሪዮን»ን አንብቦ እጅግ ወዶት ነበር፤ ደራሲው በክሊኒኩ እንዳለ ሲሰማ ሄዶ ጠየቀው፤ ሐኪሞቹ ተስፋ ሲቆርጡም ወደ ቤቱ ወሰደው። ሦስት ዓመት የተባለለት ሰው 36 ዓመት ኖረ። አናጢው በ1838 ሲሞት ልጁ ሎተ ተካችው። ሆልደርሊን ፒያኖ ይመታል፣ በወንዙ ዳር ይመላለሳል፤ ጠያቂ ሲመጣና ግጥም ሲለምነው በመስኮቱ የሚያየውን ይጽፋል፦ ፀደይን፣ በጋን፣ ኔካርን፣ ወዲያ ማዶ ያለውን መስክ። ከሥሩ የራሱ ባልሆነ ስም፣ እውነተኛ ባልሆነ ቀን ይፈርማል። በሰኔ 1843 ሞተ።

ወረቀቷ የተማረውና ያልተማረው በውበት አማካይነት እጅ ለእጅ ይጨባበጣሉ ብላ ተስፋ አድርጋ ነበር። ያን ተስፋ መንግሥት አልፈጸመውም፤ ዩኒቨርሲቲም ሙዚየምም አልፈጸመውም። ሽቲፍት ከሚገኝበት ኮረብታ ቁልቁል፣ በወንዙ ዳር፣ አንድ መጽሐፍ አንብቦ የወደደ አናጢ ግን በሩን ከፍቷል።